የባላገሩ ዋስትና የድሬ ዳዋ ጋሻ ነው

የአገር ሀብት መነሻው መሬት፥ መሬትንም ሀብት የሚያደርገው የገበሬ ክንድ መሆኑን የማያውቅ የለም። ይሁን እንጂ መሬትና ክንድ ስለ ተገናኙ ብቻ ሀብት አይገኝም፤ ሦስተኛ ነገር ያስፈልጋል። እርሱም ገበሬው ዛሬ የዘራውን ነገ ራሱ እንደሚያጭደው፥ ዛሬ በተከለውም ዛፍ ጥላ ልጁ እንደሚያርፍበት ማመኑ ነው። ይህ እምነት ያለው ገበሬ ድንጋይ ለቅሞ እርከን ይሠራል፤ ይህ እምነት የጠፋበት ግን የዓመቱን እህል አግኝቶ ለማለፍ ይቸኩላል እንጂ ለከርሞ አያስብም። በአገራችን ስለ መሬት ሥሪት ብዙ ዐዋጅ ታውጇል፤ ብዙም ክርክር ተደርጓል። እኛ ዛሬ ልንመረምረው ያሰብነው እነዚያ ዐዋጆች ይህን እምነት ምን ያህል እንደ ሰጡና ምን ያህል እንደ ነሱ ነው። ለምርመራችንም ምሳሌ እንድትሆነን ድሬ ዳዋን መርጠናል።

ስለ ገጠር መሬት ሲነገር ድሬ ዳዋ መጠራቷ ለአንዳንድ ሰው እንግዳ ይሆንበት ይሆናል፤ ድሬ ዳዋ የምትታወቀው በባቡር፥ በንግድና በፋብሪካ ነውና። ከጅቡቲ የተነሣው ሐዲድ የሐረርን ተራራ መውጣት ስላልተቻለው በ1895 ዓ.ም. ከተራራው ግርጌ ደረሰ፤ በዚያም ስፍራ አዲስ ሐረር የተባለች ከተማ ተቈረቈረች፤ እርስዋም የዛሬዪቱ ድሬ ዳዋ ናት። ከዚራን ከመጋላ የሚለየው የደቻቱ ወንዝ የዓመቱን አብዛኛውን ጊዜ ውኃ የሌለው አሸዋ ሆኖ ይከርማል። ይህን ሁሉ መንገደኛው ያያል። መንገደኛው የማያየው ግን ከከተማዪቱ ጀርባ ያለውን ባላገር ነው።

በ1996 ዓ.ም. በዐዋጅ ቍጥር 416 ቻርተር የተሰጠው የድሬ ዳዋ አስተዳደር ከተማ ብቻ አይደለም። በ1999 ዓ.ም. በተደረገው የሕዝብና የቤት ቈጠራ በአስተዳደሩ ከተቈጠሩት 341,834 ሰዎች መካከል 108,610 የሚሆኑት በገጠር የሚኖሩ ነበሩ፤ ይህም ከጠቅላላው ሕዝብ ሲሶ ያህል ማለት ነው። እነርሱም በተራራው ወገብ ማሽላና በቆሎ፥ ጫትና አትክልት የሚያለሙ፥ በቈላውም ከብት፥ ፍየልና ግመል የሚያረቡ ኦሮሞዎችና ሶማሌዎች ናቸው። ዝናቡ ትንሽ፥ ተራራው ራቁቱን የቀረ፥ የብዙው ገበሬ ይዞታም ከአንድ ሄክታር የማይበልጥ ነው። እንዲህ ባለ ስፍራ የመሬት ሥሪት የሸንጎ ክርክር ብቻ ሆኖ አይቀርም፤ የማደርና ያለማደር ጕዳይ ነው።

ነገሩን ከሥሩ ለመረዳት ወደ ኋላ መመለስ ያስፈልጋል። ሐረር በ1879 ዓ.ም. ከጨለንቆ ጦርነት በኋላ በንጉሥ ምኒልክ ግዛት ሥር በገባች ጊዜ፥ በሌሎችም የደቡብና የምሥራቅ አገሮች እንደ ሆነው ሁሉ፥ መሬት በቀላድ እየተለካ ለመኳንንትና ለወታደር በማደሪያነት ይሰጥ ጀመር። በመሬቱ ላይ የነበረው አራሽም ገባር ተባለ፤ ከምርቱ ይከፍላል፥ በጕልበቱም ያገለግላል። እያደር ማደሪያው ወደ ግል ርስት ሲለወጥ ገባሩ ጭሰኛ ሆነ፤ እንደ ውሉና እንደ ባለ መሬቱ ፈቃድ ከምርቱ እኩሌታ ወይም ሲሶ ወይም እርቦ ያስረክብ ነበር። ጭሰኝነቱም ለልጅ ልጅ የሚተላለፍ አልነበረም፤ ባለ መሬቱ ልቀቅ ባለው ቀን ይለቃል።

ከጠላት ወረራ በኋላ መንግሥት ግብሩን በገንዘብ ለመወሰን ሞከረ። በ1937 ዓ.ም. በወጣው የመሬት ግብር ዐዋጅ በሐረርና በመሰሎቹ ጠቅላይ ግዛቶች የተለካ መሬት በጋሻ፥ ዐሥራቱ ተጨምሮ፥ ለሙ 50 ብር፥ ለም ጠፉ 40 ብር፥ ጠፉ ደግሞ 15 ብር እንዲከፍል ተወሰነ። ግብሩ ታውቆ መወሰኑ መልካም ነበር፤ ነገር ግን ዐዋጁ የገደበው መንግሥት ከባለ መሬቱ የሚቀበለውን እንጂ ባለ መሬቱ ከጭሰኛው የሚወስደውን አልነበረም። ስለዚህ በብዙ ስፍራ ግብሩ ከባለ መሬቱ ትከሻ ወርዶ በጭሰኛው ትከሻ ላይ ዐረፈ። በ1950ዎቹ መጨረሻ የመሬት ይዞታና አስተዳደር ሚኒስቴር ተቋቁሞ የባለ መሬትንና የጭሰኛን ውል የሚወስን ሕግ ቢያዘጋጅም፥ ብዙዎቹ አባሎቹ ራሳቸው ባለ መሬቶች የነበሩበት ምክር ቤት ሕጉን ሳያጸድቀው ዘመኑ አለፈ። ተማሪዎች በየካቲት 1957 ዓ.ም. በአዲስ አበባ አደባባይ «መሬት ላራሹ» ብለው የጮኹት ይህን አይተው ነው። በጊዜው ያልተሰማ አቤቱታ ቈይቶ በዐመፅ መልክ ይመለሳል፤ እንዲሁም ሆነ።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. ደርግ የገጠር መሬትን የሕዝብ ሀብት የሚያደርገውን ዐዋጅ ቍጥር 31 አወጣ። በአንድ ቀን ጭሰኝነት ቀረ፤ የባለ መሬትና የጭሰኛ ግዴታ ተሻረ፤ መሬትን መሸጥ፥ መለወጥ፥ ማስያዝና ማከራየት ተከለከለ። አንድ ቤተ ሰብ ከ10 ሄክታር፥ ማለት ከሩብ ጋሻ፥ የበለጠ እንዳይዝ ተወሰነ። በ800 ሄክታር፥ ማለት በ20 ጋሻ፥ ላይ አንድ የገበሬ ማኅበር ተቋቋመ። ወንድና ሴት ሳይለይ ራሱ ሊያርስ የሚፈቅድ ሁሉ መሬት የማግኘት መብት ተሰጠው። ዘላኖችም በሚያሰማሩበት ምድር ላይ የባለ ይዞታነት መብት እንዳላቸው ዐዋጁ ገለጠ። ሲሶ ለነጋሽ፥ ሲሶ ለቀዳሽ፥ ሲሶ ለአራሽ የሚለው የጥንት አነጋገር በዚያ ቀን ፍጻሜውን አገኘ፤ የቤተ ክርስቲያን መሬት ሳይቀር ወደ ማኅበሩ ገብቷልና። ካህናት ከመሬት የሚያገኙትን መተዳደሪያ በማጣታቸው የደረሰባቸውን ችግር ይህን የሚያነቡ አባቶች ከእኛ ይልቅ ያውቁታል።

በሐረርጌ ደጋና በድሬ ዳዋ ዙሪያ ለነበረው ጭሰኛ የዚያ ቀን ደስታ እውነተኛ ደስታ ነበር፤ ማንም ሊያቃልለው አይገባም። አባቱ ያርሰው የነበረውን መሬት የእኔ ነው ሊል የቻለው ያን ጊዜ ነው። ከምርቱ ለባለ መሬት የሚሰፍረው ቀርቶ ለልጆቹ ተረፈው። ነገር ግን ደስታው ሳይሰነብት ሁለተኛ ጌታ መጣበት። በ1969 ዓ.ም. የሶማሊያ ጦር ወረራ ተነሥቶ ከተማዪቱ ራስዋ የጦር ግምባር ሆነች። ጦርነቱ ሲያልፍም የእርሻ ሰብል ገበያ ድርጅት በኮታ እህል በተወሰነ ዋጋ ይገዛ ጀመር፤ ዋጋውም ከገበያው ዋጋ የሚያንስ ነበር። የአምራቾች ማኅበር የሚባል ሥርዐት ወጥቶ ገበሬው በሬውንና ማሳውን ከጎረቤቱ ጋር እንዲያቀላቅል ተገፋፋ። በ1977 እና በ1978 ዓ.ም. ደግሞ መንደር ምሥረታ በሐረርጌ በሰፊው ተካሂዶ ብዙ ሕዝብ ከየማሳው ዳር ከነበረው ቤቱ ተነሥቶ በአንድ ስፍራ እንዲሰበሰብ ተደረገ። ማሳውን ከቤቱ ደጃፍ ሆኖ ይጠብቅ የነበረው ሰው ለማሽላው ጥበቃ ረዥም መንገድ ይሄድ ጀመር፤ ወፍና ጦጣም ከእርሱ ቀድመው ይደርሱ ነበር።

እንግዲህ ልብ እንበል። የ1967ቱ ዐዋጅ ለገበሬው መሬቱን ሰጠው፤ ከዚያ በኋላ የመጣው ሥርዐት ግን የመሬቱን ፍሬና የመኖሪያውን ምርጫ ወሰደበት። መሬት ያለው፥ ነገር ግን በመሬቱ ፍሬ ላይ የማያዝዝ ሰው ጭሰኝነቱ ስሙን ለወጠ እንጂ አልቀረለትም። በየካቲት 1982 ዓ.ም. መንግሥት የቅይጥ ኢኮኖሚ መመሪያ ባወጀና ኮታው በተነሣ ጊዜ በብዙ ስፍራ የአምራቾች ማኅበሮች ወዲያው መፍረሳቸው፥ ከመንደሮቹም ብዙ ሰው ወደ ቀድሞ ስፍራው መመለሱ፥ ገበሬው ስለ ነገሩ ምን ያስብ እንደ ነበረ ያለ ምስክር ይናገራል።

የሌላውን ዓለም ታሪክ ብናይ ይህንኑ እናገኛለን። የጃፓን መንግሥት በአውሮፓ አቆጣጠር በ1946 ባወጣው ሕግ ትርፍ መሬትን ከባለ መሬቶች ገዝቶ ለሚያርሱት ጭሰኞች በመሸጡ፥ ከእርሻው መሬት እኩሌታ ያህል የነበረው የጭሰኛ እርሻ በጥቂት ዓመት ውስጥ ወደ ዐሥረኛው እጅ ግድም ዝቅ አለ። ገበሬውም በያዘው ላይ ስለ ጸና ምርቱን አበዛ፤ ልጆቹንም አስተማረ። ቻይና ግን ለገበሬ ያከፋፈለችውን መሬት ጥቂት ዓመት እንኳ ሳትቈይ መልሳ በማኅበር ጠቀለለችው፤ ከ1958 በኋላም እጅግ ብርቱ ረኃብ ደረሰባት። ምርቷ የተነሣው ከ1978 ወዲህ ማሳውን ለየቤተ ሰቡ በውል ስትመልስ ነው። በሁለቱ አገሮች የመሬቱ ባለቤትነት ሕግ ፈጽሞ የተለያየ ነው፤ በጃፓን የግል፥ በቻይና የማኅበርና የመንግሥት ነው። በሁለቱም ግን ምርት ያደገው ገበሬው ድካሙ ለራሱ መሆኑን ባመነ ጊዜ ነው።

አሁን ያለንበት ሥርዐት የተመሠረተው በ1987 ዓ.ም. በጸደቀው ሕገ መንግሥት ነው። አንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ መሆኑን፥ እንደማይሸጥና እንደማይለወጥ፥ ገበሬ መሬት በነጻ የማግኘትና ከይዞታው ያለመነቀል መብት እንዳለው፥ አርብቶ አደርም ለግጦሽና ለእርሻ በነጻ መሬት የማግኘትና ከይዞታው ያለመፈናቀል መብት እንዳለው ይደነግጋል። ከ1990 ዓ.ም. ጀምሮ በትግራይ፥ ቀጥሎም በአማራ፥ በኦሮሚያና በደቡብ የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር ለሚሊዮን ቤተ ሰቦች ተሰጥቷል። በአማራ ክልል የተደረጉ ምርመራዎችም ደብተር የያዘ ገበሬ በእርከንና በአፈር ጥበቃ ላይ ጕልበቱን ይበልጥ እንደሚያፈስ አሳይተዋል። የባልና የሚስት ስም በአንድ ደብተር ላይ መስፈሩ ደግሞ ባሏ የሞተባትን ሴት ከዘመድ ክርክር የሚያድን ትልቅ ነገር ነው። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አስተዳደርና አጠቃቀም ዐዋጅ ቍጥር 1324 ደግሞ ባለ ይዞታው የመጠቀም መብቱን በመያዣነት አቅርቦ ብድር እንዲያገኝ ፈቅዷል።

መሬት ይሸጥ ወይስ አይሸጥ የሚለው ክርክር በሊቃውንትና በፖለቲካ ሰዎች መካከል እስከ ዛሬ አላበቃም። ይሸጥ የሚሉት ገበሬው ሙሉ ባለቤት ካልሆነ በመሬቱ ላይ አይደክምም፥ መሬትም ወደሚያለማው ሰው አይሄድም ይላሉ። አይሸጥ የሚሉት ደግሞ ድርቅ በመጣ ዓመት ድኻው ለአንድ ክረምት ስንቅ ብሎ መሬቱን ይሸጣል፥ ከዚያም ከነልጆቹ ወደ ከተማ ጎዳና ይወርዳል ይላሉ። የሁለቱም ፍርሃት ከእውነት የራቀ አይደለም፤ እንደ ድሬ ዳዋ ዙሪያ ድርቅ በሚመላለስበት አገር ሁለተኛው ፍርሃት ይበልጥ ይከብዳል። እኛ ግን የምንለው ይህ ነው፤ ክርክሩ እስኪያልቅ ድረስ ገበሬው በፍርሃት መቈየት የለበትም። ሕጉ ዛሬ የሚሰጠው ዋስትና በሙሉ ቢፈጸምለት ብቻ ብዙ ነገር ይለወጣል።

ይህን ከባዱን ነገር ለማስረዳት የድሬ ዳዋን ጎርፍ እናንሣ። ሐምሌ 29 ቀን 1998 ዓ.ም. ለሐምሌ 30 አጥቢያ ሌሊት በደጋው ላይ ከባድ ዝናብ ዘነበ፤ ደረቁ ደቻቱም በተኙ ሰዎች ላይ ደርሶ ከ200 በላይ ነፍስ አጠፋ፤ ብዙ ሺህ ሰውም ያለ ቤት አስቀረ። ከተማዪቱ ከዚያ ወዲህ በወንዙ ዳርና ዳር የመከላከያ ግንብ ሠርታለች፤ መልካም ነው። ነገር ግን ግንብ የሚጠብቀው ከደረሰ ውኃ ነው። ውኃው ሳይደርስ የሚያዘው በተራራው ላይ ነው፤ በዛፍ ሥር፥ በእርከን ግርግዳ፥ በሣር ሥር ነው። ይህን እርከን የሚሠራውና የሚጠብቀው ማን ነው? በተራራው ወገብ ላይ የተቀመጠው ያው ገበሬ ነው። ከ1997 ዓ.ም. የጀመረው የምርታማ ሴፍቲ ኔት ሥራ በየዓመቱ እርከን ያሠራል፤ ይሁን እንጂ በእህል ወይም በገንዘብ ክፍያ የተሠራ እርከን ክረምት በናደው ጊዜ መልሶ የሚያቆመው የእኔ ነው የሚል ሰው ካልተገኘ ከንቱ ድካም ነው። ገበሬው ይህ ማሳ ነገ ለሌላ ይደለደላል፥ ይህም ጋራ ለሌላ ሥራ ይፈለጋል ብሎ ከሠጋ ድንጋዩን አይመልስም፤ ዛፉንም ቈርጦ ለማገዶ ወደ ከተማ ይሸጠዋል። ያን ጊዜ የገበሬው ሥጋት ወደ ጎርፍ ተለውጦ ወደ ከተማው ይወርዳል። ስለዚህ የደጋው ባላገር በመሬቱ ላይ መጽናቱ ለእርሱ ብቻ የሚደረግ ቸርነት አይደለም፤ የከተማዪቱም ጋሻ ነው።

የሐረርጌ ገበሬ ጫት አበዛ ተብሎ ሲነቀፍ እንሰማለን። ነቀፋው ስለ ጤናና ስለ ሥራ ባህል ከሆነ ቦታው አለው። ነገር ግን ከመሬት ሥሪት አንጻር ሲታይ ገበሬው ያደረገው አላዋቂነት አይደለም። ከአንድ ሄክታር በታች ባለ ማሳ ላይ ማሽላ ብቻ ቢዘራ ቤተ ሰቡን እስከ በጋ አያደርሰውም፤ ጫቱ ግን በዓመት ደጋግሞ ገንዘብ ያመጣል፤ በእርከኑም ጠርዝ ሲተከል አፈር ይይዛል። እህል እንዲዘራ የምንፈልግ ከሆነ ውኃ፥ ዘርና ገበያ እናቅርብለት፤ ምክር ብቻውን ጎተራ አይሞላም።

ሁለተኛው ሥጋት ከራስዋ ከከተማዪቱ የሚመጣው ነው። ድሬ ዳዋ በማደግ ላይ ናት። ከአዲስ አበባ ወደ ጅቡቲ የሚወስደው አዲሱ የኤሌክትሪክ ባቡር በመስከረም 2009 ዓ.ም. ተመርቋል፤ የኢንዱስትሪ ፓርክ ተሠርቷል፤ በነሐሴ 2014 ዓ.ም. ደግሞ ለአገራችን የመጀመሪያ የሆነው ነጻ የንግድ ቀጠና በዚያ ተከፍቷል። ይህ ሁሉ ለአገር የሚጠቅም ነው፤ ልማት ይቁም የሚል አእምሮ ያለው ሰው የለም። ነገር ግን ፋብሪካ የሚቆመው፥ መንገድም የሚዘረጋው በአየር ላይ አይደለም፤ ትናንት ሰው ያረሰበት ወይም ከብት ያሰማራበት መሬት ነው። በ1997 ዓ.ም. የወጣው ዐዋጅ ቍጥር 455 ለሚነሣው ገበሬ ካለፉት አምስት ዓመታት የዓመት ገቢው አማካይ ዐሥር እጥፍ እንዲከፈለው አዝዞ ነበር። በ2011 ዓ.ም. የወጣው ዐዋጅ ቍጥር 1161 ይህን አሻሽሎ ካለፉት ሦስት ዓመታት ከፍተኛው የዓመት ገቢ ዐሥራ አምስት እጥፍ እንዲከፈል አዘዘ። ዕርምጃው የሚመሰገን ነው።

ነገር ግን ገበሬ በገንዘብ መተዳደርን አልለመደም። ከአባቱ የተማረው ሞፈርና ቀንበር መያዝ እንጂ ሱቅ መክፈት አይደለም። በአንድ ቀን የተቀበለው ብር ብዙ ይመስለዋል፤ ቤት ሲሠራበት፥ ልጅ ሲድርበት፥ ዘመድ ሲበደረው ሁለት ዓመት ሳይሞላው ያልቃል፤ ከዚያም በቀድሞ ማሳው ላይ በተሠራው ፋብሪካ ደጅ ዘበኛ ለመሆን ይለምናል። እጅግ የከፋው ደግሞ የአርብቶ አደሩ ጕዳይ ነው። መሬቱ ስላልታረሰ ብቻ ባዶ መሬት ተብሎ ይጻፋል፤ ነገር ግን በበጋ ከብቱ የሚድንበት የውኃ ዳርና የሣር ስፍራ ያ ነው። ያልታረሰ ሁሉ ባዶ አይደለም።

በመጽሐፈ ነገሥት የተጻፈውን የናቡቴን ነገር ካህናት ሁልጊዜ ያስተምሩናል። ንጉሡ አክዓብ የናቡቴን የወይን ቦታ ሲሻ በመጀመሪያ የጠየቀው በመግዛት ወይም በመለወጥ እንደ ነበረ ልብ ይሏል፤ ዋጋውን ወይም ከዚያ የተሻለ ስፍራ እሰጥሃለሁ ብሎት ነበር። ናቡቴ ግን ርስቱን ከአባቶቹ የተቀበለው አደራ አድርጎ ቈጥሮት እንጂ ዋጋው አንሶበት አልነበረም እንቢ ያለው። በዚህ ዘመን ለሕዝብ ጥቅም መሬት መወሰድ ግድ የሚሆንበት ጊዜ አለ፤ ስለዚህ ሁሉም እንደ ናቡቴ እንቢ ይበል አንልም። ነገር ግን መሬት ለገበሬ ከዋጋው በላይ የሆነ ነገር እንዳለበት የሚረሳ ሹም ብዙ ስሕተት ይሠራል። የኤልዛቤልም ኃጢአት የጀመረው ከሐሰተኛ ደብዳቤና ከሐሰተኛ ምስክር ነው፤ ዛሬም በመሬት ጕዳይ ሐሰተኛ ካርታና ሐሰተኛ ምስክር እንዳይኖር መጠንቀቅ የሹማምንትና የሽማግሌዎች ሁሉ ግዴታ ነው።

እንግዲህ ምን ይደረግ? በመጀመሪያ ለገጠሩ ሕዝብ የይዞታ ደብተር አሰጣጥ ወሰኑ በካርታ እየታወቀ፥ የባልና የሚስት ስም በአንድነት እየተጻፈ በሙሉ ይፈጸም። አንድም ገበሬ ደብተሩን ለማግኘት በሬውን ሸጦ ደጅ መጥናት የለበትም። ሁለተኛ፥ የአርብቶ አደሩ የግጦሽና የውኃ ስፍራ በማኅበረ ሰቡ ስም ተከልሎ ይመዝገብ። ሦስተኛ፥ መሬት መውሰድ ግድ በሚሆንበት ጊዜ ካሣው ሰውየው ከመነሣቱ አስቀድሞ ይከፈል፤ ከካሣውም ጋር ምትክ መሬት ወይም ሥራና ትምህርት ይታሰብለት፤ ስለ ግምቱም በቋንቋው ይነገረው፥ አቤት የሚልበትም በቅርብ ይሁንለት። አራተኛ፥ የጎርፉ ውኃ የሚነሣበት ደጋ ከአስተዳደሩ ወሰን አልፎ ምሥራቅ ሐረርጌ የሚደርስ ስለ ሆነ፥ የድሬ ዳዋና የኦሮሚያ ሹማምንት በአንድነት ተመካክረው ተራራውን የሚያለብሱበትን ሥራ ይሥሩ፤ ውኃ የአስተዳደር ወሰን አያውቅምና። አምስተኛ፥ መሬት ለሌለው ወጣት መሬት እየተሸረፈ ከማነሡ በቀር ሌላ መንገድ ይፈለግለት፤ በመስኖ፥ በንብ፥ በከብት ማድለብ፥ በከተማውም ፋብሪካ ቅድሚያ ይሰጠው።

የሃይማኖት አባቶች ድርሻ ደግሞ ከዚህ ያነሰ አይደለም። በቤተ ክርስቲያንም ሆነ በመስጊድ ባላገሩ የሚሰማቸው እነርሱን ነው። የወሰን ድንጋይ መግፋት ኃጢአት መሆኑን፥ የእናት አባት የሌላቸውን ልጆች ማሳ በዘመድ ስም መያዝ ግፍ መሆኑን፥ ዛፍ መትከልም ለልጅ የሚተዉት በረከት መሆኑን ቢያስተምሩ፥ ዳኛ ከሚፈርደው ይልቅ ብዙ ክርክር በመንደሩ ይበርዳል።

የመሬት ዐዋጅ መልካምነቱ የሚታወቀው በጋዜጣ በታተመበት ቀን በተሰማው ጭብጨባ አይደለም። ዐዋጁ ከወጣ ከሃያና ከሠላሳ ዓመት በኋላ በማሳው ላይ የቆመው ሰው ማን እንደ ሆነ፥ ጎተራው ሙሉ ወይም ባዶ መሆኑ፥ ከማሳው በላይ ያለውም ተራራ ለብሶ ወይም ተራቁቶ መታየቱ ነው ፈራጁ። የ1937ቱ ዐዋጅ ጭሰኛውን ስለ ረሳ ድካሙን አላቀለለለትም። የ1967ቱ ዐዋጅ ጭሰኛውን ነጻ አወጣ፤ ግን ነጻነቱን ሳይጠብቅለት ቀረ። በእጃችን ያለው ሕግ የተጻፈውን ያህል ከተፈጸመ ግን ከሁለቱ የተሻለ ፍሬ ሊሰጥ ይችላል። ይህንንም የሚያደርገው ወይም የሚያስቀረው በየቀበሌው መዝገብ ይዞ የተቀመጠው ሹም ነው። እርሱ የሚጽፈው አንድ መስመር ለአንድ ቤተ ሰብ የዘመን እንጀራ መሆኑን አስቦ ይጻፈው።